«በዓይኔ በብረቱ አየሁት»፦ የዓይን ምስክር ፍርድ ቤት ላይ ምን ያህል ይታመናል?

ምስክር ተነስቶ ጣቱን ወደ ተከሳሹ ቀስሮ «እሱ ነው፣ በዓይኔ በብረቱ አይቼዋለሁ» ካለ በኋላ ጠበቃው ምንም ቢል የሚሰማው የለም። ምስክሩ ውሸታም ቢሆን እኮ በመስቀለኛ ጥያቄ ይያዛል፣ አስቸጋሪው ከልቡ አምኖ የሚሳሳተው ነው። አሜሪካ ውስጥ ባሪ ሼክና ፒተር ኑፌልድ በ1992 (ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጅ ናቸው) ያቋቋሙት፣ ያለጥፋታቸው የታሰሩትን የሚያስፈታው ድርጅት ኢኖሰንስ ፕሮጀክት እንደሚለው በዲኤንኤ ንፁህ መሆናቸው ታውቆ ከተፈቱት ሰዎች ከ10ሩ ወደ 7ቱ ኬዝ ላይ የተሳሳተ የዓይን ምስክር አለ።

በጣም የታወቀው የሮናልድ ኮተን ጉዳይ ነው። በ1984 ኖርዝ ካሮላይና፣ በርሊንግተን ከተማ ውስጥ አንዲት የኮሌጅ ተማሪ ሌሊት ቤቷ ተገብቶ ተደፈረች። ልጅቷ በዛ ጭንቅ ውስጥ ሆና እንኳን ከተረፍኩ አስይዘዋለሁ ብላ የሰውየውን ፊት እያጠናች ነበር፣ ከዚህ የተሻለ ምስክር ከየት ይመጣል? ፖሊስ ፎቶ ደርድሮ አሳያት፣ ደቂቃዎች ፈጅቶባት ኮተንን መረጠች። ቀጥሎ ሰዎች አሰልፈው አሳዩዋት፣ እዛም በሁለት ሰዎች መሀል ስታመነታ ቆይታ እሱኑ አለች፣ ግን ከፎቶዎቹ መሀል በአካልም ሰልፉ ላይ የቆመው ኮተን ብቻ ነበር፣ ስለዚህ ያወቀችው ፊት ከፎቶው ይሁን ከዛች ሌሊት ማን ይለየዋል። ከዛ ፖሊሶቹ ፎቶውንም የመረጥሽው የሱን ነው አሏት። ነገሩ የተበላሸው እዚች ጋ ነው፣ ማመንታቷ ጠፋ፣ በ1985 ችሎት ስትቆም ጥርጣሬ የሚባል አልነበራትም፣ ኮተንም እድሜ ልክ ተፈረደበት።

እስር ቤት እያለ ቦቢ ፑል የሚባል በመልክ የሚመስለው እስረኛ መጣ። በ1987 ጉዳዩ እንደገና ሲታይ ፑልን ችሎት አምጥተው አሳዩዋት፣ አይቼው አላውቅም አለች። በ1995 ዲኤንኤው ሲመረመር ደፋሪው ፑል ሆኖ ተገኘ፣ ኮተንም ከ10 ዓመት በላይ ታስሮ ወጣ። በኋላ ልጅቷና እሱ ይቅር ተባብለው አብረው ህግ እንዲሻሻል ሲወተውቱ ነበር፣ ይሄ ራሱ ሌላ ታሪክ ነው።

«ጎበዝ፣ ትክክለኛውን ነው የለየኸው» የምትለው ነገር ምን እንደምታደርግ የሥነ ልቦና ተመራማሪው ጋሪ ዌልስና ባልደረባው በ1998 ሞክረው አሳይተዋል። ለሰዎች ቪዲዮ አሳይተው ጥፋተኛው የሌለበት የፎቶ ስብስብ ሰጧቸው፣ ማንንም ቢመርጡ ስህተት ነው ማለት ነው። ትክክል ነህ የተባሉት ግን እርግጠኛ ነኝ ማለት ብቻ ሳይሆን ፊቱን በደንብ አይቼዋለሁ፣ ልብ ብዬ ነበር የማየው ምናምን ማለት ጀመሩ።

ሌላም አለ፣ ሽጉጥ የተደገነበት ሰው ዓይኑ ሽጉጡ ላይ ነው የሚቀረው። የሌላ ዘር ፊት መለየትም ይከብዳል፣ ለኛ ፈረንጅ ሁሉ አንድ እንደሚመስለን ለነሱም እንደዛው ነን፣ አሜሪካ ዜግነት ወስዶ ጁሪ (ችሎት ላይ ጥፋተኛ ነው አይደለም ብለው የሚወስኑ ተራ ዜጎች) የሚጠራ ሀበሻ ይችን ቢያውቅ አይከፋም።

ህጉ ዘግይቶም ቢሆን እየተነቃነቀ ነው። እንግሊዝ ከ1976ቱ የተርንቡል ውሳኔ ጀምሮ ክሱ በዋናነት በዓይን ምስክር ላይ ከቆመ ዳኛው ጁሪውን ማስጠንቀቅ አለበት። ኖርዝ ካሮላይና በ2007 ባወጣችው ህግ ደግሞ ሰልፉን የሚያሳየው ሰው ተጠርጣሪው የቱ እንደሆነ ማወቅ የለበትም፣ ምስክሩም ጥፋተኛው እዚህ ላይኖር ይችላል ይባላል፣ ከተጠርጣሪው ጋር ቢያንስ 5 ሌሎች ሰዎች ይገባሉ፣ ምን ያህል እርግጠኛ እንደሆነም እዛው በራሱ ቃል ይመዘገባል። ለኔ ዋናው ይሄ የመጨረሻው ነው፣ ምስክሩ በመጀመሪያው ቀን ያለው ነው የሚጠቅመው እንጂ ከወራት በኋላ ችሎት ላይ የሚለው አይደለም። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ግን የዓይን ምስክር ይታመናል ወይ ለማለት በ1972 ካወጣቸው 5 መመዘኛዎች አንዱ ራሱ የምስክሩ እርግጠኝነት ነው፣ በ2012 ደግሞ ምስክሩን ወደ አንድ ሰው የሚገፋውን ሁኔታ ፖሊስ ያላቀናበረው ከሆነ ዳኛው ማስረጃውን ቀድሞ አያጣራውም፣ ጁሪው ራሱ ይመዝነው ብሏል።