ከጦር መኮብለል ምንድን ነው? በሻያን ጦርነቶች ዘመን የነበረው እውነታ

በዌስተርን ድራማ ጦሩን ጥሎ የጠፋ ወታደር ወይ ፈሪ ነው፣ ወይ ሕሊናው ድንገት የነቃ ሰው። በ1860ዎቹና በ1870ዎቹ (ዘመኑ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው) የአሜሪካ ጦር ከነባር ሕዝቦች አንዱ ከሆኑት ከሻያኖች ጋር ሲዋጋ በነበረበት ጊዜ፣ በአሜሪካ ምዕራብ የጠፉትን አብዛኞቹን ያስኮበለላቸው ግን ደመወዝና ቀለብ ነው።

መኮብለል ማለት ላለመመለስ አስቦ ክፍሉን ጥሎ መሄድ ነው። ሳያስፈቅድ ከተማ አድሮ የተመለሰ ወታደር ይቀጣል እንጂ ኮብላይ አይባልም። ሐሳቡን የሚያሳብቅበት አኳኋኑ ነው፤ የደንብ ልብሱን ጥሎ የሲቪል ልብስ ከለበሰ፣ ወይም ፈረስና ጠመንጃ ይዞ ከተሰወረ ማስተባበያ የለውም። የመንግሥት ፈረስ ደግሞ ጋላቢውን ያጋልጣል፤ ግራ ትከሻው ላይ «ዩ ኤስ» የሚሉ ፊደላት በጋለ ብረት ተተኩሰውበታል። በእግሩ የሄደውም ውሃ በሌለበት ሜዳ ላይ ብዙ አይርቅም።

ተራ ወታደር በወር 16 ዶላር ያገኝ ነበር። በ1871 ደመወዙ ወደ 13 ወረደ፤ በዚያው ዓመት ከሠራዊቱ ሲሶ ገደማው ጠፋ። ከፋዩ ሹም በሁለት ወር አንዴ ቢመጣ ነው፣ ያም ብዙ ጊዜ ይዘገያል። ምግቡ የጨው ሥጋና ከአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት የተረፈ ደረቅ ብስኩት ነበር። በአቅራቢያው ያሉት የወርቅ ማዕድን ማውጫዎችና የባቡር ሐዲድ ሥራዎች ግን የተሻለ ይከፍላሉ። ስለዚህ ደመወዝ በተከፈለ ማግስት፣ በተለይ በረዶው አልፎ ሜዳው ሲለመልም፣ ብዙ ሰው ይጠፋል።

ቅጣቱስ? በሰላም ጊዜ ለኮበለለ የሞት ፍርድ በ1830 ቀርቷል፤ ግርፋት በ1861፣ ገላ ላይ ምልክት ማድረግ ደግሞ በ1872 ተከለከለ። የሞት ፍርዱ ቀርቶ እያለ የፈረሰኛ ጦር አዛዡ ጆርጅ ከስተር በጁላይ 1867 ኮብላዮችን ተኩሳችሁ ምቱ ብሎ አዘዘ፤ ከቆሰሉት አንዱ ሞተ። የጦር ፍርድ ቤት ለአንድ ዓመት ከማዕረግና ከደመወዝ አገደው። ጊዜው ሳያልቅ ተጠርቶ ተመለሰና ኖቬምበር 27 ቀን 1868 በዋሺታ ወንዝ ዳር የሰፈረውን የሻያን አለቃ የብላክ ኬትልን መንደር አጠቃ፤ ብላክ ኬትልም እዚያው ተገደለ።

የዌስተርን ድራማ ኮብላዩን ወደ ሻያን ሰፈር ሲወስደው በጣም መጠንቀቅ አለበት። ከሳንድ ክሪክ ጭፍጨፋ በኋላ ሰማያዊ የደንብ ልብስ ለብሶ እዚያ የሚደርስ ሰው በምን እንደሚታመን አሳማኝ ምክንያት ያስፈልጋል። ኖቬምበር 29 ቀን 1864 የኮሎራዶ ፈቃደኛ ወታደሮች የአሜሪካ ባንዲራና ነጭ ጨርቅ የተሰቀለበትን በሳንድ ክሪክ የነበረ የሻያን ሰፈር አጥቅተው በአብዛኛው ሴቶችን፣ ሕፃናትንና ሽማግሌዎችን ገድለዋል።

ስለ ሕሊና ጽሑፍ መጻፍ የሚፈልግ ሰው የዚያን ቀኑን ካፒቴን ሳይላስ ሱልን ቢመለከት ይሻለዋል። ወታደሮቹን አላስተኩስም አለ፣ ግን አልኮበለለም፤ በክፍሉ ቆይቶ በ1865 በአዛዡ ላይ መሰከረ። ኤፕሪል 23 ቀን በዴንቨር ጎዳና ተተኩሶበት ሲሞት የከተማዋ ወታደራዊ ፖሊስ ሹም ነበር።