«ዲፎልት ቫልዩ» ዋጋ አይሰጥም

በማይክሮሶፍት የፕሮግራም መሥሪያ መድረክ በዶትኔት፣ ኦብጀክትን (ፕሮግራሙ የያዘውን የመረጃ ጥቅል) ኤክስኤምኤል ወደተባለው የጽሑፍ ቅርጽ የሚለውጠው «ኤክስኤምኤል ሲሪያላይዘር» ውጤቱን እንደ ፍላጎታችን የምንቀርጽባቸው ምልክቶች አሉት። አብዛኞቹ ስማቸው የሚናገረውን ይሠራሉ። ብዙዎችን የሚያሳስተው «ዲፎልት ቫልዩ» ነው።

ስሙን ያየ ሰው ለፕሮፐርቲው (በኦብጀክቱ ውስጥ ላለው አንድ የመረጃ ክፍል) መነሻ ዋጋ የሚሰጥ ይመስለዋል። አይሰጥም! እዚህ ላይ ሥራው አንድ ብቻ ነው፤ ዋጋው ከተጠቀሰው ቁጥር ጋር እኩል ሲሆን ኤለመንቱ (ዋጋው በኤክስኤምኤሉ ውስጥ የሚጻፍበት ክፍል) እንዳይጻፍ ያደርጋል።

«ትእዛዝ» በተባለ ክላስ (የኦብጀክት ንድፍ) ውስጥ «ብዛት» የሚባል ኢንቲጀር (ሙሉ ቁጥር) አለ እንበል፤ ዲፎልት ቫልዩው 1 ነው። ደንበኛው 5 ዕቃ ሲያዝዝ ቁጥሩ ይጻፋል። 1 ሲያዝዝ ግን ኤለመንቱ ጭራሽ ከፋይሉ ይቀራል። ፋይሉ ተመልሶ ሲነበብ ፕሮግራሙ ኤለመንቱን ስለማያገኝ «ብዛት»ን አይነካውም፤ ዋጋ ያልተሰጠው ኢንቲጀር ደግሞ 0 ነው። አንድ ዕቃ ያዘዘው ሰው ምንም እንዳላዘዘ ተቆጠረ ማለት ነው። የስህተት መልእክት እንኳ አይወጣም፤ በእኔ እምነት ከዚህ የከፋ ስህተት የለም።

ስለዚህ በክላሱ ውስጥ ራሳችን «ብዛት» ከ1 እንዲነሳ እንጻፍ፤ ይህ መነሻ ዋጋና ዲፎልት ቫልዩው ምንጊዜም እኩል ይሁኑ። ፋይሉን የሚቀበለው የሌላ ድርጅት ፕሮግራም ከሆነ ምልክቱን ማንሳት ይሻላል፤ ተቀባዩ የእኛን መነሻ ዋጋ የሚያውቅበት መንገድ የለውም።

መጻፍ አለመጻፉን በየጊዜው መወሰን ለሚፈልግ ሌላ መንገድ አለ። በፕሮፐርቲው ስም ላይ «ስፔሲፋይድ» የሚል ቃል ቀጥለን የቡሊያን (እውነት ወይም ሐሰት ብቻ የሚይዝ) ፕሮፐርቲ እንጨምራለን። እውነት ሲሆን «ብዛት» ይጻፋል፤ ሐሰት ሲሆን 5 ቢሆንም አይጻፍም። ቡሊያኑ ራሱ ፋይሉ ውስጥ እንዳይገባ «ኤክስኤምኤል ኢግኖር» የተባለው ምልክት ይደረግበት።