የሳይንስ መልስ ግምታዊና ተሻሻይ መሆኑን ለልጆች ማስተማር

የሳይንስ መልሶች ግምታዊ እንደሆኑና ከዘመን ወደ ዘመን እንደሚሻሻሉ ለልጆች ማስተማር፣ የትምህርት ባለሙያዎች «የሳይንስ ባሕርይ» በሚሉት ሰፊ ርእስ ሥር የሚገኝ የማስተማር ዘርፍ ነው። በውስጡ ሁለት ነገሮች አሉ። አንደኛው፣ ማንኛውም ልኬት የራሱ የስህተት ወሰን ያለው መሆኑ ነው። ሁለተኛው፣ ዛሬ በመማሪያ መጽሐፍ የሰፈረ ማብራሪያ የተሻለ ማስረጃ ሲገኝ ሊታረም መቻሉ ነው። ሁለቱ ብዙ ጊዜ ይምታታሉ። የጠረጴዛ ርዝመት በተሻለ መሣሪያ ሲለካ አኃዙ ይጠራል እንጂ ስለ ጠረጴዛው የምናውቀው ነገር አይገለበጥም።

ለዚህ ትምህርት የምድርን ቅርጽ የሚያህል ምሳሌ የለም። የቤት መሠረት የሚያወጣ ግንበኛ ምድርን ጠፍጣፋ አድርጎ ቢቆጥራት ሥራው አይበላሽም፤ በአንድ ኪሎ ሜትር ርቀት ላይ መሬት ከቀጥታ መስመር ዝቅ የምትለው በ8 ሴንቲ ሜትር ገደማ ብቻ ነውና። በዚያው ስሌት ውቅያኖስ የሚያቋርጥ መርከበኛ ግን መንገዱን ይስታል። የምድርን ክብነት የጥንት ግሪኮች ያውቁ ነበር፤ ኤራቶስቴንስ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ3ኛው መቶ ዘመን ዙሪያዋን ከጥላ ማዕዘን ተነሥቶ አስልቷል። እ.ኤ.አ. በ1687 (ከዚህ በኋላ ያሉት ዓመታትም ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር ናቸው) ኒውተን ምድር ስለምትሽከርከር ወገቧ ላይ ሰፋ፣ ዋልታዎቿ ላይ ደፈቅ ማለት እንዳለባት ጻፈ። ፓሪስ ላይ ይህ ብርቱ ክርክር አስነሣ፤ የፈረንሳዊው የሥነ ፈለክ ሊቅ የዣክ ካሲኒ ልኬቶች ተቃራኒውን ያመለክቱ ነበር። የፈረንሳይ የሳይንስ አካዳሚ ነገሩን በክርክር ብቻ አልተወውም። በ1735 አንድ ቡድን በምድር ወገብ አቅራቢያ ወዳለው የደቡብ አሜሪካ ክፍል፣ በ1736 ደግሞ ሌላ ቡድን በሒሳብ ሊቁ በሞፐርቱዊ መሪነት በሰሜን ዋልታ አቅጣጫ ወዳለው የሰሜን አውሮፓ ክፍል ወደ ላፕላንድ ልኮ መሬት አስለካ፤ ልኬቱም ለኒውተን ፈረደ። ዛሬ በምድር ወገብ በኩል ያለው ሬዲየስ (ከመሐል እስከ ገጽ ያለው ርቀት) 6,378 ኪሎ ሜትር፣ በዋልታ በኩል ያለው 6,357 ኪሎ ሜትር ገደማ እንደሆነ ይታወቃል። ከዳር እስከ ዳር ሲለካ ልዩነቱ 30 ሴንቲ ሜትር ስፋት ባለው የክፍል ሉል ላይ 1 ሚሊ ሜትር ቢሆን ነው። ልጁ ያችን 1 ሚሊ ሜትር በማስመሪያው ላይ ሲያያት፣ «ምድር ክብ ናት» ያለው መምህር እንዳልዋሸው፣ ነገር ግን ሁሉንም እንዳልነገረው በአንድ ጊዜ ይገባዋል።

ሁለተኛው ጠቃሚ ምሳሌ የሰው ክሮሞዞም፣ ማለትም በሴል ውስጥ የዘር መረጃ የሚሸከሙት ዘንጎች፣ ቁጥር ነው። ቴዎፊለስ ፔይንተር እ.ኤ.አ. በ1923 ቁጥሩ 48 ነው ብሎ አሳተመ፤ መማሪያ መጻሕፍትም ከ30 ዓመት በላይ ይህንኑ ደገሙት። ክሮሞዞሞች በአጉሊ መነጽር ሥር ተደራርበው ስለሚታዩ መቁጠሩ አስቸጋሪ ነበር። ሴሉን በቀጭን ጨዋማ ፈሳሽ አሳብጦ ክሮሞዞሞቹን የመበተን ዘዴ ከተገኘ በኋላ፣ ጆ ሂን ትጂዮና አልበርት ሌቫን በ1956 ቁጥሩ 46 መሆኑን አሳዩ። መልሱን ያረመው የተሻለ ዝግጅትና ደግሞ የመቁጠር ድፍረት ነው።

ፕሉቶ በ2006 ከፕላኔቶች ዝርዝር መውጣቷ በልጆች ዘንድ ይበልጥ የታወቀ ነው፤ ሆኖም እንደ ምሳሌ ደካማ ነው። በ2005 ፕሉቶን በመጠን የምትቀራረበው የኤሪስ መገኘት ይፋ መሆኑ ጥያቄውን ቢያስነሣም፣ የተለወጠው በዋናነት «ፕላኔት» የሚለው ቃል ትርጉም ነበር።

ወደ ማስተማሩ ታሪክ ስንመለስ፣ በ19ኛው መቶ ዘመን መጨረሻ እንግሊዛዊው ሄንሪ አርምስትሮንግ ተማሪው በተመራማሪው ቦታ ቆሞ እንዲማር ተሟግቷል። አሜሪካዊው ጆን ዱዊ በ1910፣ ሳይንስ እንደ ተዘጋጀ የዕውቀት ክምር መሰጠቱን ነቅፎ የአስተሳሰብ ዘዴ ሆኖ እንዲቀርብ ጠየቀ። በ1960ዎቹ መጀመሪያ አሜሪካዊው የትምህርት ሊቅ ጆሴፍ ሽዋብ ተመሳሳይ ወቀሳ አሰማ። የአሜሪካ የሳይንስ እድገት ማኅበር በ1989 ባወጣው የትምህርት ሰነድ፣ የሳይንስ ሐሳቦች ለለውጥ የተጋለጡ ናቸው የሚለውን የሳይንስ ዕውቀት ጽኑ ነው ከሚለው ጋር ጎን ለጎን አስቀመጠ። ይህ ጥንድ አቀራረብ ከቀደሙት ሁሉ የበሰለ ነው። በ2013 የወጣው የአሜሪካ የሳይንስ ትምህርት መስፈርት ደግሞ፣ አዲስ መረጃ ሲገኝ የሳይንስ ዕውቀት ሊለወጥ እንደሚችል ከመዋዕለ ሕፃናት ጀምሮ እንዲነገር አድርጓል።

በክፍል ውስጥ የተለመዱት ሥራዎች ቀላል ናቸው። አንዱን ጠረጴዛ 20 ልጆች በየተራ በማስመሪያ ይለኩታል፤ አንዷ 119 ሴንቲ ሜትር ከ8 ሚሊ ሜትር፣ ሌላው 120 ሴንቲ ሜትር ከ3 ሚሊ ሜትር ይጽፋሉ። «ትክክለኛው የማን ነው?» የሚለው ጥያቄ ወዲያው ይነሣል። ጥሩ መምህር ለመፍረድ አይቸኩልም፤ ቁጥሮቹን ሁሉ ሰሌዳ ላይ ጽፎ የት አካባቢ እንደሚሰበሰቡ ልጆቹ ራሳቸው እንዲያዩ ይተዋቸዋል። ሌላው የታሸገ ሣጥን ነው። ልጆች እየነቀነቁ፣ እያዘነበሉ፣ ድምፁን እያዳመጡ በውስጡ ያለውን ይገምታሉ፤ ቀጥሎ ማግኔት ይሰጣቸውና ግምታቸውን ያሻሽላሉ። ሣጥኑ እስከ መጨረሻው አለመከፈቱ ልጆችን ያበሳጫል፤ ትምህርቱ ያለው ግን እዚያው ላይ ነው፤ የተፈጥሮንም ሣጥን ከፍቶ መልሱን የሚያሳይ የለም።

ሙከራ መሥራት ብቻውን በቂ ስለመሆኑ ክርክር ነበር። ሩላ ኪሽፌና ፉአድ አብድ ኤል ኻሊክ በ2002 ያሳተሙት የ6ኛ ክፍል ተማሪዎች ጥናት፣ ከሙከራው ቀጥሎ ስለ ሳይንስ ባሕርይ በግልጽ የተወያዩት ልጆች ግንዛቤ ይበልጥ እንደተሻሻለ አሳይቷል። ትምህርቱ በየትኛው ዕድሜ ይጀመር በሚለው ላይ ግን አስተያየቱ ይለያያል፤ አንዳንዶች ትንሽ ልጅ መጀመሪያ የሚጨብጠው እውነት ያስፈልገዋል ይላሉ።

ከበድ ያለው ሥጋት፣ «ሁሉም ይለወጣል» የተባለ ልጅ «እንግዲያው የፈለግሁትን ላምን» ሊል ይችላል የሚለው ነው። ሥጋቱ ተገቢ ነው፤ መፍትሔው ግን ዝምታ አይደለም። የሜርኩሪ ምሕዋር በመቶ ዓመት 43 የቅስት ሴኮንድ ያህል (አንዱ የቅስት ሴኮንድ የአንድ ዲግሪ 1/3,600 ነው) ከኒውተን ስሌት እንደሚያፈነግጥ ተደርሶበት፣ አንስታይን በ1915 በአዲሱ የስበት ንድፈ ሐሳቡ ምክንያቱን አስረዳ። እንዲያም ሆኖ ድልድይ ዛሬም በኒውተን ሕግ ይሠራል፤ የሚወድቅ ድንጋይም ወደ ላይ አልወጣም። ለዚህ ነው ልምድ ያላቸው መምህራን የታረመውን መልስ ከግድግዳ ሠንጠረዥ ላይ የማይፍቁት፤ በስሱ ሰርዘው ዓመተ ምሕረቱንና ያሳረመውን ማስረጃ ከጎኑ ይጽፋሉ፣ ከበታቹም ለሚቀጥለው መልስ ባዶ መስመር ይተዋሉ።