ጎጃም በረንዳ ጎጃም አይደለም፦ ስለ ባቡር ጣቢያ የተሳሳቱ አመለካከቶችና እውነታው

እኛ ዘንድ «ባቡር» የሚለው ቃል ከባቡሩ ቀድሞ ደርሷል። በጎጃም ገጠር «እገሊት ባቡር ሄዳለች» ከተባለ ሴትዮዋ ጤፏን በአህያ ጭና ወፍጮ ቤት ወረፋ ይዛለች ማለት ነው። በሐዲድ የሚሄደውን ለመለየት «የምድር ባቡር» ብሎ መጨመር ግድ ይላል። ዕቃው ሳይመጣ ስሙ የመጣበት አገር ላይ ወሬ ቢበዛ አይገርምም። ደብረ ማርቆስ ላይ በቡና መካከል፣ መናኸሪያ ላይ ደግሞ አውቶቡስ እስኪሞላ ሲጠበቅ የምሰማውን እዚህ አንድ በአንድ አነሳለሁ።

«ባቡሩ ጎጃም ገብቷል»

ይህን ያለችኝ አክስቴ ናት። በ2008 ዓ.ም. የአዲስ አበባው ቀላል ባቡር ሥራ ሲጀምር ሬዲዮው የጣቢያዎቹን ስም ሲዘረዝር ሰምታ ደወለችልኝ። «ጎጃም ደርሷል ይላሉ፤ ማርቆስ መቼ ነው የሚገባው?» የሰማችው «ጎጃም በረንዳ» የሚለውን ነበር። ጎጃም በረንዳ መርካቶ አጠገብ ያለ የአዲስ አበባ ሰፈር ነው። ከምኒልክ አደባባይ ወደ ቃሊቲ በተዘረጋው መስመር ላይ፣ ከአትክልት ተራ ቀጥሎ ከአውቶቡስ ተራ በፊት ያለው ጣቢያ በዚሁ ሰፈር ስም ይጠራል። በእርግጥ አክስቴ ጨርሳ አልተሳሳተችም፤ ከማርቆስ ተነስቶ አውቶቡስ ተራ የሚወርድ መንገደኛ ከባቡር ጋር የሚተዋወቀው እዚያው አካባቢ ነው።

«ለገሃር የወንዝ ስም ነው»

ይህ የተማረውንም ያሳስታል፤ ምክንያትም አለው። ለገጣፎ አለ፣ ለገዳዲ አለ። በኦሮምኛ «ለገ» ወንዝ ነው። ስለዚህ ለገሃርንም ከእነዚህ ጋር መደብ ያጓጓል። ቃሉ ግን የፈረንሳይኛ ነው፤ «ላ ጋር» ማለት «ጣቢያው» ማለት ነው። የጅቡቲውን መስመር የሠራው ኩባንያ የፈረንሳይ ስለነበር ሠራተኛው እንደ ሰማው ጠራው፣ ሕዝቡም በአፉ አለስልሶ ለገሃር አደረገው። «ለገሃር ባቡር ጣቢያ» ስንል እንግዲህ ጣቢያ የሚለውን ቃል ሁለት ጊዜ መጥራታችን ነው።

«የለገሃርን ጣቢያ የሠሩት አጤ ምኒልክ ናቸው»

ግማሹ እውነት ነው፤ ለማረም የሚያስቸግረውም ለዚህ ነው። ባቡሩን ያሰቡትና የፈቀዱት ምኒልክ ናቸው። በ1886 ዓ.ም. ለስዊዘርላንዳዊው አማካሪያቸው ለአልፍሬድ ኢልግ የግንባታ ፈቃድ ሰጡ። ሐዲዱ ከጅቡቲ ተነስቶ በ1895 ዓ.ም. ድሬዳዋ ደረሰ። ከዚያ ኩባንያው ከሰረ፣ ሥራው ቆመ፣ ሌላ ኩባንያ ተቋቁሞ እንደገና ተጀመረ። ንጉሠ ነገሥቱ ታኅሣሥ 3 ቀን 1906 ዓ.ም. ሲያርፉ ባቡሩ ገና መንገድ ላይ ነበር። አዲስ አበባ የገባው በ1909 ዓ.ም. ነው። ዛሬ በቸርችል ጎዳና ቁልቁል ሲታይ መጨረሻው ላይ መንገዱን ዘግቶ የቆመው ሕንጻ ደግሞ የተመረቀው በ1922 ዓ.ም. በንግሥት ዘውዲቱና በንጉሥ ተፈሪ ዘመን ነው። ባቡሩ ከገባ እንኳን አሥራ ሁለት ዓመት ያህል ቆይቶ ማለት ነው።

ለራሴ የሚገርመኝ የሕንጻው አቀማመጥ ነው። ለገሃር የአሮጌው መስመር ማብቂያ ነበር፤ ሐዲዱ እዚያ ሲደርስ ያበቃ ነበር። ፊቱን ወደ ከተማው፣ ጀርባውን ወደ ሐዲዱ ሰጥቶ ቆሟል። ከባቡር የወረደ ሰው ሕንጻውን አቋርጦ በፊት ለፊቱ በር ሲወጣ ዓይኑ ሽቅብ በቸርችል ጎዳና እስከ ማዘጋጃ ቤቱ ይሄድ ነበር። ከተማ የሚገባ እንግዳ በዋናው በር ይግባ የተባለ ይመስላል። እኛ የጎጃም ሰዎች በአንጻሩ በእንጦጦ በኩል ቁልቁል ወርደን፣ ከግርግሩ መሃል ነው የምንገባው።

«ለገሃርን መሃል ከተማ፣ አዲሱን ጣቢያ ግን ዳር ሠሩት»

ለገሃርም ሲሠራ ዳር ነበር። ያኔ ከተማ ማለት ግቢና አራዳ ነው፤ ጣቢያው ከእነዚያ በስተ ደቡብ፣ ሜዳው ላይ ነበር። ከተማው ነው ተከትሎ የከበበው። አሁን መንገደኛ የሚሳፈርበት የፉሪ ለቡ ጣቢያ በደቡብ ምዕራብ ዳርቻ መሆኑ ያበሳጫል፤ ከአውቶቡስ ተራ ሻንጣ ይዞ ለተነሳ ሰው እኔም አዝናለሁ። ይሁንና አዲሱ መስመር ከሰበታ ተነስቶ በከተማው ደቡብ በኩል ስለሚያልፍ ለገሃርን ጨርሶ አይነካውም።

«ሐዲድ ሁሉ አንድ ነው»

አይደለም። በ784 ኪሎ ሜትሩ አሮጌ መስመር ላይ በሁለቱ ብረቶች መካከል ያለው ስፋት 1 ሜትር ነው። በ2009 ዓ.ም. ተመርቆ ከታኅሣሥ 2010 ዓ.ም. ጀምሮ መደበኛ አገልግሎት የሰጠው አዲሱ የጅቡቲ መስመር 1,435 ሚሊ ሜትር ነው። የአሮጌው ባቡር ጎማ እዚያ ላይ አይገጥምም። ቀላል ባቡሩ ከአዲሱ ጋር እኩል ስፋት ቢኖረውም ኤሌክትሪኩ ይለያል፦ የከተማው 750 ቮልት ቀጥተኛ፣ የጅቡቲው 25,000 ቮልት ተለዋዋጭ ነው። ስለዚህ «ከስታዲየም ተሳፍሬ ድሬዳዋ እወርዳለሁ» የሚል ካለ ይተወው።

«በየመስመሩ 22 ጣቢያ ስላለ ድምሩ 44 ነው»

ቀላል ባቡሩ ሲከፈት የተቆጠሩት 39 ናቸው። ልደታ፣ ተግባረ ዕድ፣ ሜክሲኮ፣ ለገሃርና ስታዲየም ለሁለቱም መስመሮች የጋራ ስለሆኑ ሁለት ጊዜ አይቆጠሩም። ይህን የተማርኩት በሒሳብ አይደለም። አንድ እጄ ላይ የማር ቆርቆሮ፣ ሌላው ላይ ለእህቴ የተላከ በርበሬ ይዤ የለገሃርን ደረጃ ወጣሁ፤ መጀመሪያ የመጣው ላይ ዘልዬ ገባሁ። ወደ ቃሊቲ ነበር መንገዴ። ከስታዲየም በኋላ መስመሩ እንደሚለያይ የገባኝ መገናኛ ስደርስ ነው። ደረጃው ያው፣ መቆሚያው ያው፤ ባቡሩ ግን ሌላ።

«ባቡሩ ጫፍ ሲደርስ የሚዞርበት አደባባይ ያስፈልገዋል»

የቀላል ባቡሩ የመንጃ ክፍል በሁለቱም ጫፍ ነው። ሾፌሩ ወርዶ በሌላው በኩል ይገባል፤ ኋላ የነበረው ፊት ይሆናል። በቃ።

«ለጎጃም ባቡር እንቅፋቱ የዓባይ ድልድይ ነው»

ድልድዩስ ቀላሉ ነው። ዓባይ ላይ ያለው የህዳሴ ድልድይ ርዝመቱ 303 ሜትር ብቻ ነው። ከባዱ ቁልቁለቱ ነው። የብረት ጎማ በብረት ላይ ስለሚንሸራተት ጭነት የሚጎትት ባቡር በ100 ሜትር ጉዞ ከ2 ሜትር ብዙ አልፎ ባይወጣ ይመረጣል። ከደጀን አፋፍ እስከ ወንዙ ከ1,000 ሜትር በላይ ይወርዳል። መኪናው 20 ኪሎ ሜትር ያህል እየተጠማዘዘ የሚጨርሰውን ባቡር በዚያ ልክ ልውረድ ቢል ከ50 ኪሎ ሜትር በላይ ይፈልጋል፤ ያውም በአንድ ወገን ብቻ። በጎሐ ጽዮን በኩል ያለው ዳገት ገና ይጠብቀዋል።

ብዙ ሰው የማያስተውለው ግን ሌላ ነው። በአገሪቱ የባቡር መረብ ዕቅድ ላይ የጎጃም መስመር በደጀን አይወርድም። ከፍኖተ ሰላም ተነስቶ ባሕር ዳር፣ ወረታ፣ ወልድያ ይላል፤ ከዚያ ወደ አፋር ቆላ ነው የሚያመራው። ዓባይን የሚሻገረው ከጣና በሚወጣበት አካባቢ፣ ገደል ሳይኖርበት ነው። ከአዋሽ በኮምቦልቻ ወደ ሐራ ገበያ የሚያመራውን ሐዲድ በቴሌቪዥን እያዩ «የእኛው ተጀመረ» የሚሉም አሉ። ሐራ ገበያ ያለው ወልድያ አጠገብ፣ ወሎ ውስጥ ነው።

ይህን ሁሉ ለአክስቴ በካርታ አሳየኋት። ጣቷን ከፍኖተ ሰላም አስነስታ እስከ ወልድያ ወሰደችው፤ መልሳ አመጣችው።

«ማርቆስስ?»

«ማርቆስ የለበትም፣ እትዬ።»

ካርታውን አጥፋ መለሰችልኝና ጤፏን አህያው ላይ እንድጭንላት አዘዘችኝ። ባቡር ልትሄድ ነበር።