ስለ ሹክሪያ ባራክዛይ የሚወራውና እውነታው

የአፍጋኒስታን ሴቶች ነገር ሲነሳ ሁሌ የምሰማው አንድ ነው። «አሜሪካ ስትገባ መብት መጣ፣ ስትወጣ አብሮ ሄደ» ይባልና ወሬው እዚያው ያልቃል። እስቲ በአንዲት ሴት ታሪክ እንፈትሸው። ሹክሪያ ባራክዛይ ትባላለች። በ1970 ካቡል ተወለደች (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው)። ጋዜጠኛ፣ የፓርላማ አባልና አምባሳደር ነበረች።

«ፓሽቱን ማለት ታሊባን ነው»

ፓሽቱን በአፍጋኒስታንና በፓኪስታን የሚኖር ብሔረሰብ ነው። አብዛኛው ታሊባን ፓሽቱን ነው፣ አይካድም። ግን ተገላቢጦሹ አይሰራም። ሹክሪያ ፓሽቱን ናት። ከድንበሩ ማዶ ያለችው ለልጃገረዶች ትምህርት የምትታገለው የፓኪስታኗ ማላላ ዩሱፍዛይም ፓሽቱን ናት። በቃ።

«ከውጭ የመጣች፣ ፈረንጅ ያሰለጠናት ናት»

እኔን የሚያናድደኝ ይሄኛው ነው። ካቡል ዩኒቨርሲቲ ትማር ነበር፣ የ1990ዎቹ ጦርነት ትምህርቷን አቋረጠባት። በ1996 ታሊባን ከተማዋን ሲይዝ ብዙ የተማረ ሰው ወጣ። እሷ ቀረች። ሴት ልጅ ትምህርት ቤት እንዳትሄድ ሲከለከል፣ በድብቅ ልጃገረዶችን የሚያስተምር ትምህርት ቤት ከፈተች። በ1999 ደግሞ ታመመች። ባሏ በቦታው ስላልነበረ ከጎረቤቷ ጋር ሐኪም ቤት ሄደች። ስትመለስ የሃይማኖት ፖሊሶቹ ያዟት፤ ያለ መህረም፣ ማለትም ያለ ባል ወይም ያለ ቅርብ ወንድ ዘመድ ወጥተሻል ብለው መንገድ ላይ ደበደቧት። ወደ መብት ትግሉ የገፋኝ ይህ ነው ትላለች። እንግዲህ ያኔ አንድም የአሜሪካ ወታደር ካቡል አልነበረም! ታሊባን ከወደቀ በኋላ በ2002 «አይና-ዬ-ዛን»፣ የሴቶች መስታወት እንደማለት፣ የተባለ ሳምንታዊ ጋዜጣ መሰረተች፤ የአዲሱን ሕገ መንግሥት ረቂቅ ካዘጋጁትም አንዷ ሆነች።

«የአፍጋን ሴት ፖለቲካ የገባችው ከ2001 በኋላ ነው»

የ1964ቱ ሕገ መንግሥት ለሴቶች የመምረጥ መብት ሰጥቷል። በ1965ቱ ምርጫ አራት ሴቶች ፓርላማ ገብተዋል። በዚያው ዓመት ኩብራ ኑርዛይ የጤና ሚኒስትር ሆናለች። እና 2001 አዲስ ምዕራፍ ነበር ከተባለ ልክ፣ መጀመሪያው ነበር ከተባለ ግን ስህተት ነው።

«ወንበሯን ኮታ ሰጣት»

ኮታ እንደነበረ እውነት ነው። ታሊባን በ2021 እስኪመለስ ድረስ ከ249 የታችኛው ምክር ቤት ወንበሮች ቢያንስ 68ቱ የሴቶች ነበሩ። ግን ኮታው ድምፅ አይሰጥም ነበር፤ ሴቶቹም ተወዳድረው፣ ቀስቅሰው፣ ማስፈራሪያውን ችለው ነበር የሚገቡት። በ2005 ሹክሪያ በትንሽ ገንዘብ ተወዳደረች። ሀብታሙ ባሏም በዚያው ምርጫ ዕጩ ነበር፣ ብዙ ገንዘብም አፈሰሰ። እሷ ገባች፣ እሱ ቀረ። «ሴት ብታውቅ በወንድ ያልቃል» የምትሉ የት ናችሁ? በ2010 ደግሞ እንደገና ተመረጠች።

ባሏ ሳይነግራት ሁለተኛ ሚስት ማግባቱንም አልደበቀችም። አደባባይ ወጥታ ተናገረች፣ ከአንድ በላይ ማግባትንም ተቃወመች። ለአንድ ፖለቲከኛ፣ ያውም ካቡል ውስጥ፣ ይሄ ቀላል ነገር አይደለም።

«ሴት የፓርላማ አባል የምታወራው ስለ ሴት ብቻ ነው»

የፓርላማውን የመከላከያ ኮሚቴ መርታለች። ከአሜሪካ ጋር በ2014 የተፈረመውን የፀጥታ ስምምነት ከደገፉት አንዷ ናት። እዚህ ላይ አለመስማማት ይቻላል። የፓርላማ ባልደረባዋ ማላላይ ጆያ የውጭ ጦሩን አምርራ ትቃወም ነበር። በ2006 ጆያ ምክር ቤት ውስጥ የጦር አበጋዞችን ስትወርፍ የውሃ ኮዳ ሲወረወርባት ግን ከተከላከሉላት ጥቂቶች አንዷ ሹክሪያ ነበረች።

«ፈርታ ሸሸች»

በኅዳር 2014 ካቡል ውስጥ አጥፍቶ ጠፊ መኪናዋ ላይ ፈንጂ አፈነዳ። ሰዎች ሞቱ፣ እሷ ቆስላ ተረፈች። ከዚያ በኋላም ሥራዋን ቀጠለች፣ በኖርዌይ የአገሯ አምባሳደር ሆነች። ከካቡል የወጣችው በነሐሴ 2021 ታሊባን ሲመለስ ነው፤ ወደ ብሪታንያ ገባች። በመጀመሪያው የታሊባን ዘመን ስታስተምር ማንም የማያውቃት ወጣት እናት ነበረች። አሁን ፊቷን በቴሌቪዥን ያላየ ካቡል ውስጥ ከየት ይገኛል? ልጃገረዶች ዛሬ ከስድስተኛ ክፍል በላይ መማር ተከልክለዋል። በየቤቱ መጋረጃ ዘግቶ ማስተማርም እንደገና ተጀምሯል።