«ዓይን ያያል፣ ልብ ይፈርዳል»

አባባሉ የተወሰደው ከችሎት ቋንቋ ነው። «ፈረደ» የዳኛ ግስ ነው፤ ዓይን ምስክር፣ ልብ ዳኛ ሆነው ቆመዋል። ልብ ሲባል ደግሞ ደም የሚረጨው አካል ሳይሆን አእምሮ ነው፤ «ልብ በል» ስንል፣ ፈጠራን «ልብ ወለድ» ስንል የምንጠራው ልብ። ብዙ ጊዜ የሚነገረው «መጥተህ እይና ራስህ ፍረድ» ለማለት ነው። እኛን የሚስበን ግን ሥራውን ለሁለት መክፈሉ ነው፤ ዳኛው ምስክሩ ያላለውን ሊፈርድ ይችላልና።

ረቂቅ፣ ማለትም ታሪክም ተዋናይም የሌለው፣ የሙከራ ፊልም ይህን ፍርድ እጅ ከፍንጅ ይይዘዋል። ኦስትሪያዊው ፒተር ኩቤልካ እ.ኤ.አ. በ1960 የጨረሰው «አርኑልፍ ራይነር» 9,216 ፍሬም (ነጠላ ምስል) አለው፤ በሴኮንድ 24 ሲታይ 6 ደቂቃ ከ24 ሴኮንድ ነው። ምስሉ ጥቁር ወይም ነጭ ብቻ ነው፤ ሁለቱ እየተፈራረቁ ብልጭ ድርግም ይላሉ። አሜሪካዊው ቶኒ ኮንራድ በ1966 ያወጣው «ዘ ፍሊከር»ም ከመግቢያ ጽሑፉ በቀር እንዲሁ ነው። ሆኖም ተመልካቾች ቀለም፣ ሽክርክሪት፣ መረብ አየን ይላሉ፤ ያዩትም አይገጥምም።

ከጥቁርና ነጭ ቀለም ሲወጣ ማየትን ቤት ውስጥም መሞከር ይቻላል። 10 ሴንቲ ሜትር ስፋት ያለው ክብ ነጭ ካርቶን ቁረጡ። ግማሹን በጥቁር ቀቡ። ነጩን ግማሽ አራት እኩል ቦታ ከፍላችሁ በእያንዳንዱ ሦስት ሦስት ቅስት መስመር በጥቁር ሳሉ፤ የመጀመሪያዎቹ ወደ መሃል የተጠጉ፣ ቀጣዮቹ በየተራ ወደ ጠርዝ የራቁ ይሁኑ። መሃሉን በስንጥር ወግታችሁ እንደ እንዝርት አሹሩት። በሴኮንድ ከ5 እስከ 10 ዙር ሲሽከረከር መስመሮቹ ደብዘዝ ያለ ቀይ፣ አረንጓዴ፣ ሰማያዊ ይመስላሉ። አቅጣጫውን ስትቀይሩ የቀለሞቹ ቅደም ተከተል ይገለበጣል፤ ቀለሙ ያው ጥቁር ነው! ከፈጠነ ሁሉም ግራጫ ይሆናል። አንዳንድ አምፖሎች ራሳቸው ስለሚርገበገቡ የቀን ብርሃን ይሻላል። አጠገባችሁ ያለው ሰው ምን ቀለም እንዳየ ቀድሞ ይጻፍ፤ ከተነገረው በኋላ ፍርዱ ወደናንተ ያዘነብላል።

ፊልሞቹን በኢንተርኔት የሚያይ ግን ይጠንቀቅ። 24ቱ ፍሬም ወደ 30 ሲቀየር ወይም ፋይሉ ሲታመቅ ጥቁሩና ነጩ ይቀላቀላል፤ ያኔ የሚታየው ግራጫ የዓይን ጥፋት አይደለም። የሚጥል በሽታ ያለበት ሰው ደግሞ ጨርሶ አይሞክራቸው፤ ኮንራድ ራሱ በፊልሙ መግቢያ አስጠንቅቋል።