የቶርኖ ቤት መጽሐፍ በወሎ

ወሎ ውስጥ ብረት በብዛት የሚቆረጠው ኮምቦልቻ ነው። ጨርቃ ጨርቁ፣ ቢራው፣ በ2009 ዓ.ም. የተመረቀው ኢንዱስትሪ ፓርክ ሁሉም እዚያው ነው። ማሽን ባለበት ደግሞ ቶርኖ ቤት፣ ማለትም ብረት በማሽን እያዞሩ የሚቀርጹበት ቤት፣ አይጠፋም። ደሴም ብትሄዱ እንደዚሁ ነው።

የማሽኒስት፣ ማለትም የቶርኖ ባለሙያ፣ መመሪያ መጽሐፍ የሚነበብ ሳይሆን የሚገለጥ መጽሐፍ ነው። ውስጡ ሠንጠረዥ በሠንጠረዥ ነው፤ የብሎን ጥርስ፣ የፑንታ (የመብሻ ብረት) ልክ፣ የመቁረጫ ፍጥነት፣ የማርሽ ሒሳብ። በዓለም ላይ ስመ ጥር የሆነው ማሽነሪስ ሃንድቡክ መጀመሪያ የታተመው በ1914 እ.ኤ.አ. ኒው ዮርክ ውስጥ ነው። ዛሬ ከ2,000 ገጽ በላይ ሆኗል። እንዲያም ሆኖ የመሣሪያ ሳጥን ውስጥ እንዲገባ ተደርጎ የሚታተም ትንሽ ቅጽ አለው።

ጥቅሙ የሚታየው የወፍጮ ቤት ባለቤት ብሎን ይዞ ሲመጣ ነው። ሞተሩ የድሮ እንግሊዝ ሠራሽ ነው እንበል። ብሎኑ በካሊፐር ሲለካ 12.7 ሚሊ ሜትር፣ ማለትም ግማሽ ኢንች ይሆናል። ጉዱ ያለው እዚህ ላይ ነው። በዚህ ውፍረት ዊትዎርዝ የሚባለው የእንግሊዝ የጥርስ ደረጃ በአንድ ኢንች 12 ጥርስ አለው፤ የአሜሪካው ዩኤንሲ 13። የጥርሱ ማዕዘንም አንዱ 55፣ ሌላው 60 ዲግሪ ነው። ዳዶው ትንሽ ዙር ይሄድና ይነክሳል። በግድ ካጠበቁት ጥርሱ ተበላ ማለት ነው። መጽሐፉን የገለጠ ባለሙያ ግን ጥርሱን ቆጥሮ «አብሽር፣ ይሠራል» ይላል።

ሌላው ቀላል ነው። ለ10 ሚሊ ሜትር ብሎን፣ ከጥርስ እስከ ጥርስ 1.5 ሚሊ ሜትር ከሆነ፣ ጥርስ ከመውጣቱ በፊት የሚበሳው ቀዳዳ 8.5 ሚሊ ሜትር ነው። በ1914 የታተመ የኢንች ጥርስ ሠንጠረዥም ዛሬ አብዛኛው ይሠራል፤ ደረጃ ቶሎ አይለወጥማ። የሚያረጀው የፍጥነት ሠንጠረዡ ነው። ካርባይድ ከሚባለው ጠንካራ ቁስ ለተሠሩ አዳዲስ መቁረጫዎች የአምራቹን ማሸጊያ ማየት ይሻላል።

«ስልክ እያለ መጽሐፍ ምን ያደርጋል?» የሚል አይጠፋም። ከሐምሌ 2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ለወራት ሲዘጋ ቶርኖው መብራት እስካለ ድረስ ይዞር ነበር። ደግሞስ በግራሶ እጅ ስልክ መነካካት ምን ይባላል? መጽሐፍ ግራሶ ቢነካው አይሞትም።

ቋንቋው እንግሊዝኛ መሆኑ ግን ያስቸግራል። ቁጥሩን የሚያነብ ሁሉ ማብራሪያውን አያነብም። ለዚህም ይመስላል አንድ የማውቀው ቶርኖ ቤት ውስጥ ያለው መጽሐፍ ጠርዙ አንድ ቦታ ላይ ብቻ የጠቆረው። የፑንታ ልክ ገጽ ነው። የማርሽ ሒሳቡ አሁንም ነጭ ነው።